ችንካሩን ገልብጪው

ጥቅምት 9 ቀን

ወንድምዬ፣

ደብዳቤህን እንደተቀበልኩ ቆሜ አነበብኩት፣ ከዚያ ተቀምጬ ደገምኩት። እኔ ደህና ነኝ፤ ጣቶቼ ላይ ከደረቀው ቀለም በቀር የነካኝ ነገር የለም። እማዬ እግሯን ትንሽ አሟት ነበር፣ አሁን ደህና ናት።

ኮረብታው የት ደረሰ ላልከኝ፣ አልረሳሁትም። የመስክ ወረቀትህ በመጣ በማግሥቱ ዋናው ካርታ ላይ ከነችንካሩ ገልብጬዋለሁ። ቀለሙ ሳይደርቅ ረጋ ማለትህ አስቆኛል። እኔ እዚህ ጠረጴዛዬ ላይ ጎንበስ ብዬ ሚስማር የምትመስል ምልክት፣ ጭንቅላቷን ወደ ላይ ጫፏን ወደ ታች አድርጌ ስስል፣ አንተ ዘንድ ሲንቀዋለል የኖረ ኮረብታ እግሩን ሰብስቦ ይቀመጣል። ያልረጋው አገር የሚሉትን አንድ ቀን በዓይኔ አይቼው አላውቅም፤ የሚረጋው ግን በእኔ እጅ ነው። ይህን ለእማዬ ስነግራት "እስቲ መጀመሪያ ወንድምሽን ቸንክሪልኝ" ነው ያለችኝ።

አዲስ አለቃ መጥቶልናል። ሠራተኛው ላጲስ የሚል ስም አውጥቶለታል፤ ከገባ ጀምሮ መሰረዝ እንጂ መጨመር አያውቅም። ገና በመጀመሪያው ቀን ሰብስቦን፣ ከመስክ የሚመጣ ወረቀት ሁሉ በእሱ እጅ እንዲያልፍ አዘዘ። እውነቱን ለመናገር ምክንያት አለው። ባልረጋው አገር አንድ ቀያሽ መንታ ወጥቶበት፣ መንታው በሰውዬው እጅ ጽሕፈት ወረቀት ሲልክ ከርሞ፣ እኛም አምነን ወንዝ በሌለበት ሜዳ ከዚህ ቀደም የሳልነውን ድልድይ ደግመን ቸንክረን ተገኘን። ድልድዩ ዛሬም ቆሟል። መንታ ሰውን ቁርጥ መስሎ ይመጣል ይላሉ፤ ከእኔ ይልቅ አንተ ታውቀዋለህ።

አሁን የማስጠነቅቅህን ስማ። ያለፈው ደብዳቤህ ፖስታ ተከፍቶ እንደገና ታሽጓል። ሙጫው የኛ ቢሮ ሙጫ ነው፣ ሽታውን አላጣውም። ስለዚህ ለእኔ ብቻ የምትለው ካለህ፣ መሃል ላይ የተቀመጠው አንባቢ እንዳይገባው አድርገህ ጻፈው። ልጆች ሆነን እማዬ ፊት እንደምንነጋገረው ማለቴ ነው። እኔ ይገባኛል።

እህትህ


ጥቅምት 27 ቀን

እትዬ ገልባጭ፣

ሰላምታዬ ሳይዛነፍ ይድረስሽ፤ እዚህ አገር ሳይዛነፍ የሚደርስ ነገር ጥቂት ነው።

ሁልጊዜ ለምትጠይቂኝ ጥያቄዎች በተርታ ልመልስ። አዎ፣ እበላለሁ። አዎ፣ ጫማዬን አስጠግኛለሁ። አይ፣ አልከሳሁም፤ እንዲያውም ቀበቶዬን አንድ ቀዳዳ ለቀቅ አድርጌዋለሁ። የሠራሽልኝ ካልሲ ደርሶኛል፣ አንደኛው እግር ግን ጠፍቷል። ቤቱ ነው የበላው።

ያረፍኩበት ቤት እንደምታውቂው እስካሁን አልተቸነከረም። ማታ ስተኛ መስኮቱ ወደ ውሃ ጉድጓዱ ያያል፣ ጠዋት ስነሳ ወደ ጎረቤት ልብስ ማስጫ። ዓምና አንድ ቀን በሬን ከፍቼ ስወጣ በቀጥታ የሰው ጓሮ ገባሁ። አንዲት ሴት ሽንኩርት ትነቅላለች። "እንደምን አደርሽ" ብዬ ተመለስኩ። ከዚያ ወዲህ በሬን ከመክፈቴ በፊት አንኳኳለሁ፣ ከውስጥ።

ስለዚህ ነገር አትጨነቂ። ያልተቸነከረ ቤት ይንጎራደዳል እንጂ ሰፈሩን አይለቅም። የሚያስፈራው የተነቀለው ነው፤ ማለት ካርታው ላይ ችንካሩ ተዘቅዝቆ፣ ጫፉ ወደ ላይ የተሳለበት። አሮጊቶቹ "የተነቀለ ቤት ባለቤቱ ልቡን ያኖረበት ሄዶ ያርፋል" ይላሉ። ለእኔ ግን ይህ ወሬ ነው፤ ሲነቀል ያየሁት ቤት የለም።

አንድ ነገር ላስቸግርሽ። ለስላሳ የጥጥ ጨርቅ ላኪልኝ፣ በዛ አድርገሽ። ለመቀየሻ መሣሪያዬ መነጽር መወልወያ ነው። እማዬ እግሯን አመማት ያልሽኝ የትኛውን እግሯን ነው? ሕመሟን አብራርተሽ ጻፊልኝ እንጂ። እኛ ደህና ነን።

ወንድምሽ


ኅዳር 20 ቀን

ወንድምዬ፣

ስለዘገየሁ ይቅርታ። ሥራ በዝቶብኝ ነው። እማዬ ደህና ናት።

ላጲስ ባለፈው ሳምንት ቢሮው አስጠራኝ። የደብዳቤህን ቅጂ ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶታል፤ እጅ ከፍንጅ ሲያዝ እንኳ አላፈረም።

"ይህ ወንድምሽ ነው?" አለኝ።

"ወንድሜ ነው።"

"በምን አወቅሽ?"

"በቀልዱ።"

"ቀልድ ይቀዳል" አለ፣ ቀና ብሎ እንኳ ሳያየኝ። "ጉዳዩ እስኪጣራ ድረስ ያ ቤት አይቸነከርም። የምታመጪልኝ ማስረጃ ካለ አምጪ።"

"እርግጠኛ ነኝ" ብዬው ወጣሁ። ደረጃው ላይ ስደርስ ግን ቆሜ የያዝኩትን ደብዳቤህን ደግሜ አነበብኩት፣ ያኔ ነገር ይበላኝ ጀመር። ላጲስን አልወደውም፣ ነገር ግን ያስቀመጠብኝ ትል ከጆሮዬ አልወጣ አለ።

ቀበቶህን ለቀቅክ? አንተ እንቁላል ስትጠብስ መጥበሻ የምታቃጥል ሰው ነህ፣ ማን አበላህ? ደግሞ እጅ ጽሕፈትህ ተስተካክሏል። ዶሮ የጫረው ይመስል የነበረው ጽሑፍ ምን ነክቶት ነው ቀጥ ብሎ የሚሄደው? ጨርቁን ልኬያለሁ፣ ግን እንዳልከው በዛ አድርጌ ስለካው መሣሪያህ ስንት ዓይን እንዳለው ገረመኝ። ከሁሉም በላይ "እኛ ደህና ነን" ብለሃል። እኛ ማለት እነማን ናችሁ? ያለህበት ቤት ውስጥ አንተን የሚመስል ሌላ ሰው አለ? ያዘህ? ወይስ የምጽፍለት እሱን ራሱን ነው?

አትቀየመኝ። ወንድሜ ከሆንክ ትስቃለህ። በአዲሱ ካልሲ ውስጥ አንድ ጥያቄ ጽፌ ጠቅልዬ ከትቼልሃለሁ። መልሱን ከእኔና ከአንተ በቀር የሚያውቀው የለም።

እህትህ


ታኅሣሥ 11 ቀን

እትዬ ገልባጭ፣

ካልሲው ውስጥ ላገኘኋት ጥያቄ መልሱ ይኸው። ከቁምሳጥኑ ላይ ስዘል ነው፣ የግራ ጉልበቴ ነው፣ ለእማዬም ድመቷ ገፋችው አልሻት። ድመት አልነበረንም። ደስ አለሽ?

ጥያቄሽ ግን ዋጋ የለውም። እዚህ ብዙ ቆይቻለሁና ከእኔ ተማሪ። መንታ የሚሠራው ከአንቺው ነው፤ የምታውቂውን ሁሉ ያውቃል፣ መልሶ የሚሰጥሽም እሱኑ ነው። የጉልበቴን ጠባሳ ብትጠይቂው ከእኔ ቀድሞ ይነግርሻል። የማይችለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የማታውቂውን ሊነግርሽ አይችልም። እውነትም ይሁን ውሸት፣ አዲስ ወሬ ከመንታ አፍ አይወጣም። ስለዚህ የአገሬው ሰው ከሩቅ የመጣ ዘመድ ሲያንኳኳ "ማነህ" አይለውም፤ "ወሬ ንገረኝ" ነው የሚለው።

ሌላውን ባጭሩ። እኛ ያልኩት እኔና ቤቱን ነው። እጄ የተስተካከለው ጠረጴዛ ስላገኘሁ ነው። ከየት አገኘህ አትበዪኝ።

አሁን ደግሞ እኔ ልጠርጥር። ድሮ ስለ እማዬ ሙሉ ገጽ ትጽፊልኝ ነበር። ከየትኛዋ ጎረቤት እንደተኳረፈች፣ ሐኪሙን ምን ብላ እንደሰደበችው፣ የመጨረሻውን ጥርሷን ለማስነቀል እንዴት እምቢ እንዳለች። አሁን እናቴ ሁለት ቃል ሆነች፤ "ደህና ናት"። የትኛው እግሯ ነው ብዬሽ ነበር፣ አልመለስሽልኝም። ደብዳቤውን የሚያጽፍሽ ሰው አለ? ላጲስ አጠገብሽ ቆሟል?

ፖስተኛው በር ላይ ሆኖ እየጠራኝ ነው፣ በሩም ቦታውን ሳይለውጥ ልጨርስ። የዚህን ቤት ችንካር በመስክ ወረቀት ስዬ አብሬ ልኬልሻለሁ። አደራ፣ ገልብጪው። አለቃሽ ከፈቀደ በፈቃዱ፣ ካልፈቀደም ሳያይሽ ገልብጪው። ለምን እንደሆነ አሁን አትጠይቂኝ፤ ስንገናኝ ትሰሚዋለሽ።

ወንድምሽ


ታኅሣሥ 29 ቀን

ወንድምዬ፣

ይህን ደብዳቤ በገዛ እጄ ለፖስተኛው እሰጠዋለሁ፣ ወደ አንተ የሚሄደውን ላጲስ አይከፍተውምና እንደ ልቤ ልጻፍ።

በመጀመሪያ መልእክትህ አልገባኝም ነበር። ዳቦ ጋጋሪን "አደራ፣ ጋግር" የሚለው ማን ነው? እኔ ገልባጭ ነኝ፤ ከላክህልኝ ምልክት ሁሉ አንዱን እንኳ ሳልገለብጥ ያለፍኩት የለም፣ አንተም አንድ ቀን "ገልብጪው" ብለኸኝ አታውቅም። ታዲያ አደራውን ምን አመጣው? ለምን አትጠይቂኝ ማለትስ ምን ማለት ነው? ወረቀቱን ይዤ መስኮቱ አጠገብ ቆሜ ሳለሁ ነው የበራልኝ። መሃላችን ያለው አንባቢ እንዳይገባው አድርገህ ጻፍ ያልኩህ እኔው ነኝ። ላጲስ "ገልብጪው" የሚለውን ሲያነብ ቅጂ ሥሪ ይመስለዋል። እኔ ግን ገባኝ። ገልብጪው፤ ዘቅዝቂው፤ ጫፉን ወደ ላይ አድርጊው። ንቀይልኝ፣ የያዘኝ ነገር አለ ማለትህ ነው።

ሠራተኛው ለምሳ ሲወጣ ቀረሁ። የቤትህን ችንካር ዋናው ካርታ ላይ ዘቅዝቄ ሳልኩት። በሥራ ዘመኔ ዘቅዝቄ የሳልኩት የመጀመሪያው ችንካር ነው። ላጲስ ሲያየው የሚለኝን ይበለኝ። የያዘህ መንታም ይሁን ሌላ፣ ይልቀቅህና ና።

በፖስታው ጀርባ ደግመህ በእርሳስ የጻፍካትን፣ የትኛው እግሯ ነው የምትለዋን ጥያቄ አይቻታለሁ። አሁን አልመልሳትም። ማንም እያጻፈኝ አይደለም። እማዬ ደህና ናት።

እህትህ


ቀኑን እንጃ፣ ጥር ሳይገባ አልቀረም

አንቺ ሴትዮ፣

እትዬ እንዳልልሽ እትዬ መሆንሽን አላውቅም።

ገልብጪው ያልኩት ገልብጪው ለማለት ነው። አንዱን ወረቀት አይተሽ ሌላው ላይ ስትስዪ የምትሠሪውን ሥራ። ሌላ ምሥጢር አልነበረበትም። አደራ ያልኩት አደራ ስለሆነብኝ ነው። ይህ ቤት በዚህ ወር ካለበት ንቅንቅ እንዳይል ነበር የፈለግኩት፣ አንቺ ደግሞ ከነሥሩ ነቀልሽው።

ሰኞ ጠዋት ድስቱ ከምድጃው ላይ ተንሸራተተ። በመስኮት ብመለከት የጎረቤታችን ደጃፍ ይርቃል። ጎረቤታችን ደጃፏ ላይ ሆና እጇን ታወራጫለች፣ እኔ "አትሂጂ፣ ቁሚ" እያልኩ እጮኻለሁ። እሷ እኮ ቆማለች፤ የምሄደው እኔ ነበርኩ። ደብዳቤሽን ያገኘሁት ከቀናት በኋላ ነው። ከሰኞ ወዲህ ቤቱ አልቆመም። በሩን ስከፍተው መሬቱ ከደፉ ሥር ይሮጣል። ይህን ወረቀት የምሰጠው በብስክሌት ከጎናችን ለሚሮጥ ፖስተኛ ነው፤ በመስኮት እጁን ዘርግቶልኛል፣ ለእሱ አዲስ ነገር አልሆነበትም።

እህቴን አውቃታለሁ። ችንካር ስታ አታውቅም። ቃልም ስታ አታውቅም። ስለዚህ ወይ ላጲስ እጅሽን ይዞ አሥሎሻል፣ ወይ አንቺ እሷ አይደለሽም። መንታ ከዚህ አገር ወጥቶ አያውቅም ያለው ማን ነው? ስለ እናቴ ሁለት ቃል ብቻ የምትጽፍ እህት የለችኝም። ጤንነታችሁን መጠየቅ ከእንግዲህ ትቻለሁ።

ቀያሹ


ጥር 14 ቀን ጠዋት፣ በበር ሥር የተላከ

ወንድምዬ፣

ዳቦ ልገዛ ስወጣ በልብስ ሰፊውና በተዘጋው ፋርማሲ መካከል፣ ልጆች ኳስ የሚጫወቱበት ባዶ ቦታ ላይ ቤት ቆሞ አገኘሁ። ልብስ ሰፊው "ፈቃድ አውጥተዋል?" እያለ ዙሪያውን ይዞራል። መስኮቱ ላይ አንድ እግር ካልሲ ተሰጥቷል፣ የሠራሁት እኔ ነኝ። የተነቀለ ቤት ባለቤቱ ልቡን ያኖረበት ያርፋል ብለህ የጻፍክልኝ አንተ ነህ፤ ያው አረፈ። ውስጥ ሰው እንዳለ አውቄያለሁ፣ ጥላ አይቻለሁ። ክፈትልኝ።


አልከፍትም። አታንኳኪ፣ ድምፅሽንም አታሰሚ፤ መንታ ቀድሞ የሚለምደው ድምፅን ነው። ያለሽን በወረቀት ተናገሪ።

መንገዱ የኛን መንገድ ይመስላል። ልብስ ሰፊው ልብስ ሰፊውን ይመስላል። አንቺም በቁልፉ ቀዳዳ ሳይሽ እህቴን ትመስያለሽ፣ ነጠላ ጫማሽ እንኳ እንደ እሷ ተረግጧል። ይህ ሁሉ እኔ የማውቀው ነው፤ ከእኔው ራስ ሊወጣ ይችላል። የማላውቀውን ንገሪኝ።


ልብስ ሰፊው ሁለተኛ የስፌት መኪና ገዝቷል። የፋርማሲው ባለቤት ልጁ ዘንድ ሄዶ ነው የዘጋው። አሁን ክፈት፣ ሰው እያየኝ ነው።


ሁለቱንም መኪና ከዚህ ሆኜ አያቸዋለሁ። የፋርማሲውም ማስታወቂያ በሩ ላይ ተለጥፏል፣ አነበብኩት። ይህ ወሬ አይደለም።

ስለ እማዬ ንገሪኝ። ከዚህ እስከ ደጃችን ድንጋይ ቢወረወር ይደርሳል፤ ለምን አብራሽ አልመጣችም? ቤት ሙሉ ሰው በሩ ላይ ቢጮህ እንኳ "ልጄ ነው፣ ዘወር በሉ" ብላ ትገባ ነበር። "ደህና ናት" ብለሽ ከጻፍሽ ወረቀቱን ሳላነበው መልሼ እገፋልሻለሁ።


ወንድምዬ፣

ደረጃህ ላይ ተቀምጬ ነው የምጽፈው። በእርሳስ የጠየቅከኝንም አብሬ እመልስልሃለሁ።

እማዬ የለችም። ትንሽ እግሯን አሟት ነበር ብዬ የጻፍኩልህ ጊዜ ከአልጋ አትነሳም ነበር። የቀኝ እግሯ ነው። ኅዳር በገባ በሦስተኛው ቀን ጠዋት፣ ፀጉሯን እያበጠርኩላት ሳለ አረፈች። አልተሠቃየችም። ከዚያ በፊት ባለው ቀን ሐኪሙን "አንተ ከእኔ ይልቅ ገርጥተሃል፣ ሂድና ተኛ" ብላው ነበር። ስለ አንተ ስትጠይቀኝ "ወፍሯል፣ ቀበቶውን ለቀቀ" አልኳት፣ ደብዳቤህ የዚያን ዕለት ነበር የመጣው። "እንግዲያው የምታበላው አግኝቷል" አለችና ሳቀች። የመጨረሻ ሳቋ እሱ ነው።

ከዚያ በኋላ ደብዳቤ በጻፍኩልህ ቁጥር እውነቱን ልጽፍ እጀምርና እጄ "ደህና ናት" ብሎ ይጽፋል። በዚያ በሚሄድ ቤት ውስጥ ብቻህን ሆነህ ስታለቅስ ታየኝ። ብቻህን እንዳታለቅስ ብዬ ነው የዋሸሁህ። አጠፋሁ። ባታምነኝም አይፈረድብህም፤ ያሳመንኩህ ነገር የለም።

አሁን ተራው ያንተ ነው። እኔም በመስኮቱ ያየሁትን ጥላ ገና አላመንኩትም፣ እንደ አንተ አይረዝምም። የማላውቀውን ንገረኝ።


እትዬ፣

ስለዘገየሁ ይቅር በዪኝ። እርሳሱ ከእጄ ወደቀ፣ ፈልጌ ማንሳት አቃተኝ። አንቺ ነሽ። እንዲህ ያለውን ወሬ መንታ አያመጣውም። ምነው መንታ በሆንሽ።

በመስኮቱ ያየሽው ጥላ የሚስቴ ነው። ዓምና ጓሮዋ የገባሁባት፣ ሽንኩርት ስትነቅል ያገኘኋት ሴት ናት። ጠረጴዛው የእሷ ነው፣ ቀበቶዬንም ያስለቀቀችኝ እሷ ናት፤ እማዬ ሳታያት አውቃታለች። እማዬ በደብዳቤ አገባህብኝ እንዳትለኝ፣ ይዤያት መጥቼ በዓይኗ እንድታያት ብዬ ደበቅኩሽ። እንግዲህ አንቺ ብቻህን እንዳታለቅስ ብለሽ ስትዋሺኝ፣ እኔ ብቻዬን አልነበርኩም።

ጨርቁም ለመሣሪያ አልነበረም። ቤቱ ባለበት እንዲቆይ የፈለግኩት ጎረቤታችን አዋላጅ ስለነበረች ነው፤ እጇን ስታወራጭ ትተናት ሄድን። ልጃችን የተወለደችው ቤቱ ወንዝ ሲሻገር ነው፣ የተቀበልኳት እኔ ነኝ። ተናድጄብሽ ነበር። አሁን የለብኝም፤ ሁለቱም ደህና ናቸው። ይህን "ደህና" እመኚው።

ስም አላወጣንላትም። እማዬ ታወጣላታለች ብዬ ነበር የምጠብቀው፣ ቤቱንም ወደዚህ የጎተተው ይኸው ሐሳቤ ይመስለኛል። አሁን አንቺ ታወጪላታለሽ። ነገ ደግሞ ላጲስ ሳያይሽ ችንካራችንን እዚሁ ቦታ ገልብጪልን፤ እንደ ሥራሽ።

መቀርቀሪያውን አንስቻለሁ። በሩን ቀስ ብለሽ ግፊው። ድምፅሽንም አታሰሚ፤ ስናለቅስም ቀስ ብለን ነው፣ ልጅቷ አሁን ገና መተኛቷ ነው።